ጭነቱን ሳያወርድ የተኛው ላፕቶፕ

የተኛ ሁሉ ያረፈ ይመስላችኋል? እኔም ይመስለኝ ነበር። ዐይኑን ከደነ፣ ድምፁን አጠፋ፤ በቃ ተኛ እንላለን፤ እንዳይነቃም ኮቴያችንን አጥፍተን እናልፋለን። ግን እስቲ አስቡት። በቅሎ ቆማ ታንቀላፋለች። ዶሮ ቆጥ ላይ ሆና በአንድ ዐይኗ ታሸልባለች። እኛም ምእመናን ብንሆን በቅዳሴ መሐል መቋሚያችንን ተደግፈን እልም እንልና፣ ዲያቆኑ «ተንሥኡ» ሲል ከነቃው ሰው ቀድመን እንመልሳለን። እንቅልፍ ብዙ ዓይነት ነው። የትኛው ዕረፍት እንደሆነ፣ የትኛው ደግሞ ዐይን ጨፍኖ መድከም እንደሆነ ለይቶ የሚያውቅ ሰው ግን ጥቂት ነው። እኔን ያስተማረኝ ጭኔ ላይ ተቀምጦ ሊማሊሞን የወጣ አንድ ላፕቶፕ ነው።

አትሳቁ። ስትጨርሱ ትስቃላችሁ።

እኔ ደባርቅ ተወልጄ በጭነት ሥራ ያረጀሁ ሰው ነኝ። ተራራ ሊያዩ የሚመጡ እንግዶችን ድንኳንና ስንቅ በበቅሎ እየጫንሁ እስከ በየዳ ስመላለስ ኖሬአለሁ። ትምህርቴ ዳዊት መድገም ላይ ያበቃል፤ ማንበብ እንጂ መጻፍ አልተማርሁም። ከዚያ የተረፈውን ለልጄ ለትርንጎ ተውሁላት፤ እሷም አላሳፈረችኝም። ዛሪማ ላይ የአማርኛ አስተማሪ ናት፤ ክረምት ክረምት ደግሞ ጎንደር እየሄደች ሁለተኛ ዲግሪ የሚሉትን ትማራለች። ዘንድሮ የመጨረሻውን ጽሑፏን ልታስገባ ነው። ልጆቻቸውን በእግር ሩቅ መንገድ ወደ ትምህርት ቤት የሚልኩ እናቶችን ቤት ለቤት እየዞረች ስትጠይቅ ከርማ፣ ያን ሁሉ ቃላቸውን ላፕቶፗ ላይ ትጽፍ ነበር። ሰኞ ካላስገባች ዓመት ትጠብቃለች። ዓመት ለሰነፍ አጭር ነው፤ ለትጉህ ሰው ግን የእስር ያህል ነው።

ዐርብ ዕለት ሽሮና ነጭ ሽንኩርት ላደርስላት ወደ ዛሪማ ወረድሁ። መብራት ከሄደ ሰንብቷል። የላፕቶፑ ባትሪ እያለቀባት፣ እሷ ደግሞ ተማሪ እየፈተነች ከግቢው መውጣት አቅቷት አገኘኋት።

«አባዬ፣ ይዘኸው ውጣና ደባርቅ ቻርጅ ይደረግልኝ። ነገ መጥቼ እዚያው እጨርሰዋለሁ» አለች።

የምመለስበት መኪና ክላክሱን ያንባርቃል። ክዳኑን ጠቅ አድርጋ ዘጋችና ሰጠችኝ። «ተኝቷል፤ እንዳትከፍተው።»

እንግዲህ የእኛ አገር ሰው ከቆላ ወደ ደጋ ነገር ሲያወጣ ልማድ አለው። ቆላ የተወለደ ሕፃንም ሆነ ግልገል ሳይሸፈን አፋፉን አይወጣም። የሊማሊሞ ብርድ እንግዳ ይወዳል። እኔም ላፕቶፑን በጋቢዬ ጠቀለልሁት፤ በጋቢው ላይ ላስቲክ ደረብሁበት፤ በላስቲኩ ላይ ገመድ አዙሬ እንደ በቅሎ ጭነት ጥርቅም አድርጌ አሰርሁት። ቋጠሮዬ የታወቀ ነው፤ አቀበት ላይ ተፈትቶብኝ አያውቅም። ጭኔ ላይ አስቀመጥሁት፣ አማተብሁ፣ ሄድን።

አጠገቤ የተቀመጠችው ዘሀራ ናት፤ የደባርቋ ጨርቅ ነጋዴ። ዘሀራን የማያውቅ ደባርቄ የለም። ምላሷ ከመቀሷ ይሰላል፤ ልቧ ግን ከምትሸጠው ጥጥ ይለሰልሳል።

ገና ጠመዝማዛውን ስንጀምር ጭኔ ይሞቀኝ ጀመር። መጀመሪያ ፀሐዩ መሰለኝ። ቆይቶ ከጋቢው ውስጥ እንደ ንብ ቀፎ እምም የሚል ድምፅ መጣ። ደስ አለኝ። ምን እደብቃችኋለሁ፣ እንደ ሕፃን አዛይ ደስ አለኝ። ሞቆታል፣ ተመችቶታል፣ ያንኮራፋል ብዬ የጋቢውን ጫፍ ይበልጥ ጠቅጠቅ አደረግሁለት።

«አያ ተገኘ» አለች ዘሀራ፣ «እንቁላል ታቅፈሃል እንዴ? ሙቀቱ እኔ ድረስ መጣ።»

«የትርንጎ ላፕቶፕ ነው። ተኝቷል።»

«የተኛስ አይመስልም። ወይ ታሟል፣ ወይ ሊወልድ ነው።»

መኪናው ሙሉ ሰው ሳቀ። እኔም አብሬ ሳቅሁ። ስልኬ የጮኸው ሳቃችን ሳያልቅ ነው። ትርንጎ ናት።

«አባዬ፣ ሴቭ ሳላደርገው ነው የሰጠሁህ።»

«ምን ሳታደርጊው?»

«የጻፍሁትን። ክዳኑን ስዘጋውና ስከፍተው ሁልጊዜ ባለበት ስለማገኘው ዛሬ ነገ እያልሁ ተውሁት። ዛሬ ደግሞ መኪናው ሲጮህ ጭራሽ ረሳሁት። ግን ተኝቶ ከሆነ ብዙ ባትሪ አይበላም፤ ደባርቅ ድረስ ይደርሳል አይደል?»

የቸኮለ አፍሶ ለቀመ ይሏችኋል ይህ ነው። እኔ ግን ኮራ ብዬ አጽናናኋት። «አይዞሽ። ብርድ እንዳይመታው በጋቢ ጠቅልዬልሻለሁ። ደህና አድርጎ ሞቆታል።»

ኔትወርኩ የሄደ መሰለኝ።

«አባዬ» አለች ቀስ ብላ፣ «ድምፅ አለው?»

«ያንኮራፋል።»

«ነቅቷል ማለት ነው። መንገዱ ሲነቀንቀው ነቅቶ፣ ጋቢው ውስጥ ታፍኖ እየሠራ ነው። ባትሪውን እየጨረሰው ነው።»

«አንቺ አይደለሽ ተኝቷል ያልሽኝ?»

«አባዬ፣ በቅሎ ጭነቷን እንደተሸከመች ቆማ ብታድር ምን ትሆናለች?»

«ትወድቃለቻ።»

«ይኸውልህ። ላፕቶፕ ተኛ ሲባል ጭነቱን ተሸክሞ ቆመ ማለት ነው። መብራቱን ያጠፋል እንጂ የጻፍሁትን ጀርባው ላይ እንደያዘ ነው፤ ለመቆሚያ የሚሆነውን ያህል ባትሪም ይበላል። ሴቭ ማድረግ ጭነቱን መሬት ማውረድ ነው። ከወረደ በኋላ ቢወድቅ ግድ የለኝም። ሳይወርድ ከወደቀ ግን የእነዚያ እናቶች ቃል ሁሉ ገደል ገባ።»

ስለ ላፕቶፕ ብዙ ሰው ሲያወራ ሰምቻለሁ፤ እንዲህ አጥንቴ ድረስ የገባ ነገር ግን ሰምቼ አላውቅም። የበቅሎ ጫኝ ልጅ ናትና የት እንደምትነካኝ ታውቃለች። ጭነቷ ያልወረደላትን በቅሎ ጋቢ አልብሼ፣ ትንፋሽ አሳጥቼ፣ ደስ ብሎኝ ተቀምጫለሁ ማለት ነው። ላም አለኝ በሰማይ የሚሉት ተረት ጭኔ ላይ ይነድዳል።

«ክፈተው» አለች፤ «ቶሎ።»

ገመዱን ያዝሁ። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል ይባላል፤ ያ ተረት የእኔን ቋጠሮ አያውቅም። በጥፍሬ ታገልሁት፣ እምቢ አለ። ጎንበስ ብዬ በጥርሴ ያዝሁት።

«ተው አያ ተገኘ፣ የቀሩህን ጥርሶች ለሽምብራ አቆያቸው» አለችና ዘሀራ ከቦርሳዋ መቀሷን አወጣች።

«ገመዱ አዲስ ነው።»

«ገመዱ ይሻልሃል ልጅህ?» ብላ ቀጭ አደረገችው። እግዜር ሳይደግስ አይጣላም፤ ጨርቅ ነጋዴ አጠገቤ ያስቀመጠው ለዚህ ነበር።

ክዳኑን ስከፍተው ወላፈኑ ፊቴን መታኝ። ገጹ በርቷል፤ ከጥጉ ላይ ቀይ ምልክት ብልጭ ድርግም ይላል። ዘሀራ የስልኬን ድምፅ ከፍ አድርጋ በመሐላችን ያዘችው።

«ቀይ ነው» አልኋት ትርንጎን።

«አውቃለሁ። መጀመሪያ ብርሃኑን ቀንሱለት። ከላይ ባለው ረድፍ ፀሐይ የተሳለባቸው ሁለት ቁልፎች አሉ፤ ትንሿን ፀሐይ ደጋግማችሁ ተጫኑ።»

ዘሀራ ተጫነችው። ገጹ እንደ ሁዳዴ ጾመኛ ፊት ፈዘዘ። በዚያ ሁሉ ጭንቅ መሐል ይህ ገረመኝ፤ ለካ እሱም ሲያጥረው የሚጾም ነው። ከሁሉ አስቀድሞ የሚተወውም ማማርን ነው። ይህንን የሚያደርጉ ባለጠጎችን ብናይ ምንኛ በደነቀን።

«አሁን የመክፈቻ ቁጥር ይጠይቃል» አለች ትርንጎ፤ ከዚያም ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «ምስጢር ነው።»

ምስጢሩን መኪናው ሙሉ ሰው ተቀበለው። አንድ ቁጥር ስትጠራ ከኋላ ወንበር ይደግሙታል። አንዱ ሰባት ነው ያለችው ይላል፣ ሌላው ሦስት ነው እንጂ ብሎ ይቆጣዋል። በመጨረሻ ተከፈተ። ጽሑፉ ወጣ። ዳዊት የደገመበት ዐይኔ ሳላዝዘው አንድ መስመር አነበበ፤ አንዲት እናት «ልጄ ከትምህርት ቤት እስክትመለስ ድረስ እህል አይወርድልኝም» ብላለች። እስከዚያች ደቂቃ ድረስ የምንጨነቀው ለልጄ ብቻ ይመስለኝ ነበር።

«አሁን» አለች ትርንጎ፣ «ከታች በግራ ጥግ ያለውን ቁልፍ በአውራ ጣትህ ያዘው። እሱን ሳትለቅ ደግሞ...»

ጠፋች። ገደሉ ኔትወርኩን ዋጠው።

«ልጄ፣ አቁምልኝ» አልሁ ሾፌሩን። የዳባት ልጅ ነው፤ ከዛሪማ ጀምሮ ቃል አልተነፈሰም።

«አባባ፣ እዚህ ጥምዝ ላይ? ከኋላዬ ከባድ መኪና እየመጣ?»

«የሰው እናቶች ቃል እየጠፋ ነው» አለችው ዘሀራ።

«የእኔ እናት ዳባት ናት።»

«እንግዲያው ለእሷ ስትል ንዳ። ኔትወርክ የሚይዝበትን ቦታ አንተ ታጣዋለህ?»

እሱስ አያጣውም። የሊማሊሞ ሾፌሮች ኔትወርክ የሚይዝበትን አፋፍ እንደ ምንጭ ውሃ ያውቁታል። ማርሹን ለወጠ። መኪናው እያጓራ ወጣ። ዝንጀሮዎች ከመንገድ ዳር ተበተኑ፤ አንዲት ሴት ዶሮዋን አቀፈች፤ እኔ አውራ ጣቴን ከዚያ ቁልፍ ላይ ሳላነሣ አቡነ ዘበሰማያትን ደገምሁ፣ እንደገናም ደገምሁ። ቀዩ ምልክት ብልጭታውን አፈጠነ። ሾፌሩ ሰፋ ያለ ቦታ ላይ ሲጥ አድርጎ አቆመና ዞር ብሎ፣ «ደውሉ» አለ።

ትርንጎ ገና ሳይጠራ አነሣችው። «አባዬ?»

«አለሁ። ጥጉን ይዣለሁ፤ አልለቀቅሁም።»

«ጎሽ። አሁን እባብ የመሰለውን የፈረንጅ ፊደል ተጫን።»

እባብ። ከአቡነ ዘበሰማያት ቀጥሎ እባብ። ጣቴ አየር ላይ ቀረ።

«ሌላ የለም?» አልኋት።

«የለም አባዬ።»

«ተጫነው እባክህ፣ አይነክስህም» አለች ዘሀራ። «ካልሆነ እኔ ልጫነው፤ እኔን ቢነክሰኝ እሱው ይሞታል።»

በስመ አብ ብዬ ተጫንሁት። ግን እባብ ነክቶ የሚለቀው ሞኝ ነው፤ ጭንቅላቱን ረግጠህ ማቆየት ነው ያለብህ። ጥጉን ለቀቅሁና እባቡን ብቻ ጥርቅም አድርጌ ይዤ ቆየሁ። አንድ ትንሽ ሳጥን ገጹ ላይ ብቅ አለ።

«ሳጥን መጥቷል።»

«ስም ሊጠይቅህ ነው፤ ስሙን ራሱ ይሞላዋል፤ አንተ ምንም አትንካ። በቀኝ በኩል የታጠፈ ቀስት ያለበትን ትልቁን ቁልፍ ብቻ ተጫን።»

ተጫንሁት። ሳጥኑ ሄደ። ወዲያው ገጹም ሄደ። ጥቁር። ቀፎው ጸጥ አለ።

«ገባ?» አለች።

«ወደቀ፣ ልጄ።»

«ሳጥኑ ሄዶ ነው የወደቀው ወይስ ሳይሄድ?»

«ሄዶ ይመስለኛል።»

«ይመስልሃል?»

አልለየሁትም። አብሮ ሄደ፣ ተከታትሎ ሄደ፤ የጭንቅ ጊዜ ዐይን ምስክር አይሆንም። ደባርቅ እስክንገባ ማንም አልቀለደም፤ ዘሀራም ጭምር። ላፕቶፑን ራቁቱን ይዤ፣ ጋቢዬን ራሴ ለብሼ ወረድሁ። ዘሀራ ሱቋ ውስጥ ቻርጅ ሰካችለት። ክፈተውና እንይ ብትለኝ እምቢ አልሁ። የወደቀች በቅሎ ባለቤቷ ሳይመጣ አትገለበጥም።

ቅዳሜ ጠዋት ትርንጎ ከመኪና ወርዳ በቀጥታ ወደ ሱቁ መጣች። ሰላም አላለችንም። ከፈተችው፣ በርዕሱ ፈለገችው። የለም። እንደገና ፈለገችው። የለም። እጅዋን አፏ ላይ ጫነች፤ ያን ጊዜ መሬት ብትከፈት ከነቋጠሮዬ እገባ ነበር። ዘሀራ ጣቃውን መጠቅለል ትታ ቆመች።

«ይህ ምንድን ነው?» አለች ትርንጎ ድንገት።

ከጽሑፎቿ ግርጌ አንድ የማታውቀው ስም ተጋድሟል። ስም ከተባለ። እባብ፣ እባብ፣ እባብ፣ እባብ፤ ከዳር እስከ ዳር የተሰለፈ የእባብ መንጋ። እኔ እባቡን ጥርቅም አድርጌ ስይዘው ያ ሳጥን ያወጣችለትን ርዕስ ጥሎ የእኔን እባቦች ሲቀበል ነበር ለካ። ከፈተችው። ጽሑፏ ቁጭ ብሏል፤ እናቶቹ ሁሉ አሉ፤ ያቺ እህል የማይወርድላትም አለች። ትርንጎ አንገቴን አቅፋ አለቀሰች፤ ዘሀራ እልል አለች፤ አላፊ አግዳሚው ሰርግ ነው ብሎ ቆመ።

እሑድ ማታ ጨረሰችው፣ ሰኞ ላከችው። ስሙን አስተካክዪው እንጂ ብላት፣ «አልነካውም አባዬ፤ ክርስትና ያነሣኸው አንተ ነህ» አለችኝ። መምህሯ ጽሑፉን ተቀብሎ ሲያበቃ፣ ይህ የተላከበት ስም ምን ማለት ነው ብሎ ጠይቋታል። የአባቴ እጅ ጽሑፍ ነው ብላ መለሰችለት። ይኸውላችሁ፤ ፊርማ ሲጠይቁኝ ጣቴን ቀለም የምነክር ሰው፣ ጽሑፌ ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ተቀምጧል።