ፋዱማን የያዝኩ ዕለት

«ሰው አለው» የምትባለውን ቃል የፈጠረው ማን እንደሆነ ባውቅ ቤቱ ድረስ ሄጄ እጨቀጭቀው ነበር። አውቶቡስ ውስጥ ገብታችሁ ክፍት ወንበር ታያላችሁ፤ ደስ ብሏችሁ ልትቀመጡ ስትሉ አንዷ ነጠላዋን ጣል ታደርግበትና «ሰው አለው» ትላችኋለች። የቱ ሰው? አይታይም። ሠርግ ቤትም ያው ነው፤ የሐኪም ወረፋም ያው ነው። በተለይ በኛ በድሬ፣ ጥላ እንደ ስኳር በሚፈለግበት አገር፣ ከዛፍ ሥር አንዲት ድንጋይ ባዶዋን ካያችሁ ሰው እንዳላት እወቁ። እኔ ለዚህ ዓይነት ነገር ትዕግሥት የለኝም። ነጠላውን አንስቼ ቁጭ እላለሁ። ባለቤቱ ሲመጣ ነጠላውን እሰጠዋለሁ፤ ወንበሩን አልሰጥም።

እንዲህ ያለችው ሴትዮ ናት እንግዲህ አንድ ቀን ፀሐይ ላይ ቆማ የሰው ቦታ ስትጠብቅ የዋለችው።

ዘመኑ የደርግ ነው። እኔ ቀፊራ ገበያ ሽንኩርት እሸጣለሁ። የቀበሌያችን ሊቀመንበር ስብሰባ ጠርቶ፣ ለአብዮት በዓል ሴቶች ኳስ ይጫወታሉና ተመዝገቡ አለን። ሁላችንም መሬት መሬቱን አየን። ቀጥሎ የቀበሌው ሱቅ ስኳር ቅድሚያ ለተመዘገቡት ነው ሲል እጄ ሳላዘው ብድግ አለ። ተከላካይ ተደረግኩ። ምክንያቱን አሰልጣኛችን ጋሽ ሙሉጌታ አልደበቀኝም፤ አንቺን ዞሮ ለማለፍ ጊዜ ይፈጃል አለኝ። ጋሽ ሙሉጌታ የባቡር ጣቢያ ጡረተኛ ነው፤ የሚያሰለጥነን ጥላው ሥር ተቀምጦ፣ ጉንጩን በጫት ወጥሮ ነው። (ትልቁን ሰው «አለኝ» ትላለች ብላችሁ እንዳትታዘቡኝ። የድሬ ሙቀት አንቱታ አያስችልም።)

የምንገጥመው የሶማሌ ልጆች ቡድን ሆነ። ያኔ ማዶ፣ ሀርጌሳ ላይ ጦርነት ወርዶ ሰዉ ወደኛ ተሰዶ ነበር። ከመጡት አንዷ ሩቂያ ናት፤ ረጅም፣ ቀጭን፣ እዚያ የትምህርት ቤቷ የሴቶች ቡድን አምበል የነበረች። ቡድኑ መንገድ ላይ ተበትኖ ድሬ የደረሱት ጥቂቶች ናቸው። ሌላዋ ብትሆን ተቀምጣ ታለቅስ ነበር። እሷ ግን ዘመድ ቤት ገና ከማረፏ ኳስ ይዛ ደቻቱ አሸዋ ላይ ወጣች። ደቻቱ ወንዝ ይባላል እንጂ ውኃ የሚያየው ጋራው ላይ ሲዘንብ ነው፤ ሌላውን ጊዜ የኳስ ሜዳችን ነው። የጎደለውን በአክስቷ ልጅ፣ በኦሮሞዋ ወተት ሻጭ፣ በሐረሪው ባለሱቅ ልጅ ሞላችው። ያልሞላችው የግራ ክንፉን ብቻ ነው። እዚያ ትጫወት የነበረችው ፋዱማ የምትባል ጓደኛዋ ናት፤ በሽሽቱ ተለያይተው በሕይወት ትኑር አትኑር የሚያውቅ የለም። ሯጭ ልጅ አመጡላት፣ ለመኗት፣ ተቆጧት። መልሷ «ሰው አለው» ብቻ ሆነ።

ሊቀመንበሩ ይህን ሲሰማ ደሙ ፈላ። ያልተሟላ ቡድን ቡድን አይደለም፤ ከተሸነፋችሁ ይፈርስና ጎበዝ ጎበዞቹ ወደ ቀበሌው ቡድን ይገባሉ ብሎ ፈረደ። ሩቂያም እሺ አለች፤ ግን በአስር ልጅ።

ይህን ሁሉ ለኛ የነገረን የለም። ጋሽ ሙሉጌታ ልምምዳቸውን ከሩቅ፣ ከጥላው ሳይነሳ ሰልሎ ደነገጠ። ከሀርጌሳ የመጡት ልጆች ለዓመታት የለመዱት ነውና ሲጨንቃቸው ቀና ሳይሉ ለፋዱማ ያቀብላሉ፤ ኳሱም ማንም ሳይነካው አሸዋውን አቋርጦ አህዮች መሃል ይገባል። ጋሽ ሙሉጌታ የኳሱን አካሄድ አየ እንጂ ተቀባይዋን ልብ አላለም። ጠራኝና፣ «ግራ ክንፋቸው አደገኛ ናት፤ ሁሉም የሚተማመኑት በሷ ነው። አንቺ እሷን ያዥ፤ የትም ብትሄድ ከጎኗ እንዳትለዪ» አለኝ።

በጨዋታው ቀን ሊቀመንበሩ ስለ ሰፊው ሕዝብ ስፖርት እስኪበቃን ከተናገረ በኋላ ፊሽካ ተነፋ። የምይዛትን ፈለግኩ፤ የለችም። ዞርኩ፤ የለችም። ኳስ በአጠገቤ አልፎ ወጣ። ሌላም መጣ፤ ያም ወጣ። ወደ ጋሽ ሙሉጌታ ሮጬ ሰው የለም እኮ ስለው፣ ተደብቃ ነው፣ እንዳትሸወጂ ብሎ መለሰኝ። ምን ላድርግ? ስኳሬን አሰብኩና ቦታዬ ላይ ቆምኩ። የደቻቱ ተመልካች ደግሞ በሶማሊኛም በኦሮምኛም በአማርኛም ነው የሚተርበው። «አጸደ፣ አመለጠችሽ!» ሲሉኝ፣ ወላሂ፣ ዞር ብዬ አይቻለሁ።

ዕረፍት ላይ ሩቂያን ይዤ፣ የምጠብቃት ልጅ የት ናት አልኳት። አማርኛዋ ገና ከገበያ የተለቀመ ቢሆንም አስረዳችኝ፤ እስካሁን ያወራኋችሁን የሰማሁት ያኔ ነው። አላለቀሰችም። ስትጨርስ ብቻ፣ እህቴ ማለቷ ነው፣ «አባዮ» አለችኝ፤ «አንቺ እዚያ ስትቆሚ ያለች ትመስላለች።»

ዓይኔን በእጄ ጠረግኩ። ለጠየቁኝ ላብ ነው አልኳቸው።

ሁለተኛው አጋማሽ ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው፣ ጎል ሳይገባ፣ ጋሽ ሙሉጌታ እንደምንም ከጥላው ተነሳ። ሜዳው ዳር መጥቶ ሲያይ ነገሩ ገባው። ተያት፣ ወደ መሃል ግቢ እያለ ጮኸ። ጆሮዬ ተደፈነ። ያኔ ኳሱ ሩቂያ እግር ላይ ገባ። እንደ ልማዷ ወደ ግራ ልትሰጥ እግሯን አነሳችና ቀና ስትል እኔን አየችኝ፤ ደረቴን ነፍቼ፣ እጄን ዘርግቼ ቆሜአለሁ። ፋዱማ ተይዛለች። ለተያዘች ልጅ ደግሞ ኳስ አይሰጥም። ስለዚህ ሩቂያ እኔ መቆም በነበረብኝ በመሃል ብቻዋን ሰንጥቃ ገባችና አገባች።

ጋሽ ሙሉጌታ የት ነበርሽ ብሎ አፈጠጠብኝ። «ግራ ክንፏን ያዥ አልከኝ፤ ያዝኳት። እሷ አገባች እንዴ?» አልኩት። ወደ ጥላው ተመለሰ። የስኳሩ ቅድሚያ በዚያው ቀረብኝ፤ የልጆቹ ቡድን ግን አልፈረሰም።

ከወራት በኋላ አንዲት የከሳች ልጅ፣ የሌላ ሰው ጫማ ያደረገች፣ ሽንኩርቴ ፊት መጥታ ቆመች። ልትገዛ መስሎኝ ሚዛኔን አነሳሁ። «የያዝሽኝ አንቺ ነሽ?» አለችኝ። ሚዛኔን አስቀመጥኩ። ገበያው እያየን አቅፌያት አለቀስኩ።

በነጋታው ያቺን አደገኛ ግራ ክንፍ ልይ ብዬ ደቻቱ ወረድኩ። ሩቂያ ኳስ ሰጠቻት፤ ሳተችው። ደግማ ሰጠቻት፤ ረግጣው ወደቀች። የመንገዱ ድካም ነው ብዬ ሥጋ እስክትለብስ ታገስኩ። ሥጋ ለበሰች፤ ኳሱን ግን መሳቷን አልተወችም። አቦ፣ ልጅቷ ኳስ አትችልም! ሩቂያን ወደ ጎን ሳብኳትና፣ ሯጯን የመለስሽው፣ ቡድንሽን ልታስፈርሺ የደረስሽው፣ እኔን የአገር መሳቂያ ያደረግሽኝ ለዚች ነው ወይ አልኳት።

ጥያቄዬ ከልቧ ገረማት።

«ጎበዝ ናት መቼ አልኩ?» አለችኝ። «ቦታው የሷ ነው አልኩ እንጂ።»