ገና ያልበሰለ ቃል

«እምም… ና… ሂምም…» እዚህ ላይ ይቆረጣል። ከዚያ ወዲያ ያለውን ዜማ አባ ሱማቲ ረስተውታል።

ተርጓሚ መነኩሴ የገባበት ገዳም ሁሉ ወጥ ቤቱ አሳሩን ያያል። ይህን በቻይናዋ ከተማ በቻንግአን ካለው ገዳም ወጥ ሠሪ ከዱዋን በላይ የሚያውቅ የለም። ቅዱሱን መጽሐፍ ከሳንስክሪት ወደ ቻይንኛ የሚመልሱት ታላቁ ሊቅ፣ የበረሃው ኮከብ፣ አባ ሱማቲ፣ ለምሳ ሲጠሩ መልሳቸው አንድ ነው፦ «ቃሉ ገና አልበሰለም።»

«የእሳቸው ቃል እስኪበስል የኔ ድስት አረረ» ይላል ዱዋን።

በረሃውን ሲያቋርጡ ሽፍታ ይዟቸው ነበር አሉ። ሰይፉ አንገታቸው ላይ ሳለ፣ በእናንተ ቋንቋ ምሕረትን ምን ትሉታላችሁ ብለው ጠየቁት። ሁለት ቃል ሰጣቸው። ሁለተኛውን አልተቀበሉትም፤ ሽፍታው ክርክሩ ሲሰለቸው ለቀቃቸው። ጠጉራቸውን የሚላጫቸው ሰውዬም ምላጩን እንደያዘ፣ ግማሽ ራስ ላይ ቆሞ፣ እየጠየቁት ንፋስና አየር በምን እንደሚለዩ ሲያስረዳቸው ያረፍዳል።

ሰሞኑን ግን ነገሩ ከቀልድ አለፈ። አንዲት የመጨረሻ ግጥም ቀርታለች። የሳንስክሪት ቃሏ ይዘውት በመጡት የዘንባባ ቅጠል ላይ ተጽፏል፤ መምህራቸው ያዜሙላቸው የነበረውን ዜማ ግን እርጅና ወሰደው። አባ ደግሞ በዜማዋ ልክ ያልተሰፋ ቃል አላስጽፍም አሉ። ቀትርን የሚያበስረው የእንጨት ሰሌዳ በመዶሻ ከተመታ በኋላ መነኩሴ እህል አይቀምስም፤ አባም ዜማቸውን ሲፈልጉ ሰሌዳው እየቀደማቸው ጦማቸውን ያድራሉ። አንገታቸው የደረቀ ሸምበቆ መስሏል።

ሰሌዳውን የሚመታው ዱዋን ነው። ዛሬም ቀትር ሲቃረብ፣ የግቢው ምሰሶ ጥላ ወደ ሥሩ ሲሰበሰብ፣ መዶሻውን በአንድ እጁ ይዞ፣ በሌላው ጎመኑን እያማሰለ፣ በንዴት አባ ላይ ማላገጥ ያዘ። ድምፁን እንደ ፍየል አቅጥኖ እንጉርጉሯቸውን ለቀቀው፤ «ሂምም» ላይ ሳይቆም እስከ መጨረሻው ወረደ።

«እስቲ ድገመው፣ ዱዋን።»

ዞር ሲል አባ በሩ ላይ ቆመዋል። ፊቱ ቀላ።

«ይቅር ይበሉኝ አባ፣ ለጨዋታ ነው።»

«ከማን ሰማኸው?»

«ከእርስዎ ነዋ። የመጡ ሰሞን እንዲህ ነበር የሚሉት። እኔ እያላገጥኩብዎ ኖሬ… ከአፌ አልወጣ አለኝ።»

አባ አስደገሙት፤ እንደገና አስደገሙት። ዓይናቸውን ጨፍነው የቻይንኛውን ቃል በፍየሉ ዜማ ላይ አንድ በአንድ አስቀመጡት። የመጨረሻው ቃል ቦታውን ሲያገኝ እንባቸው ጺማቸው ውስጥ ጠፋ።

«በሰለ» አሉ።

ውጭ፣ ጥላው ከምሰሶው ሥር ገብቷል። ዱዋን አየው። መዶሻውን ቀስ ብሎ የዱቄቱ ጆንያ ውስጥ ከተተና የሩዙን አጥሚት ቀዳ።

«ሰሌዳው አልተመታም እንዴ?» አሉ አባ።

«ቀትሩ ገና አልበሰለም፣ አባ።»

አባ ሱማቲ ደጁን አዩ፤ ዱዋንን አዩ፤ ቁጭ አሉና ሳህናቸውን ወደ ራሳቸው ሳቡ።