ቤከን ሲጠበስ የሚዞረው ፎቶ

እናንተዬ፣ ተደብቆ የሚበላ ሰው ገጥሟችሁ ያውቃል? ጾም ገድፎ የሚደበቀውን ማለቴ አይደለም። በገዛ ቤቱ፣ በጠራራ ፀሐይ፣ መጋረጃ ዘግቶ የሚበላውን ነው የምላችሁ።

እዚህ ባሕር ማዶ፣ ስቶን ማውንቴን በሚባል ከተማ የሚኖረው ጓደኛዬ ጌታቸው እንዲህ ያለ ሰው ነው። ባለፈው ቅዳሜ ቻውደር የሚሉትን፣ ሽሪምፕና ክላም የሚባሉ የባሕር እንስሳት በክሬም የሚንተከተኩበትን ሾርባ ሠርቶ ሊያበላኝ ጠራኝ። ሾርባው ውስጥ የሚገባውን ቤከን፣ ያንን የአሳማ ሥጋ፣ መጥበሻው ላይ ከመጣሉ በፊት ግን ሳሎን ሄዶ የሟች እናቱን ፎቶ ወደ ግድግዳው አዞረ።

"ምን እያደረግክ ነው?" አልኩት።

"የአሳማ ሽታ አትወድም።"

"ካም ኦን ጌች፣ ፎቶ እኮ ነው!"

"አንተ የእናትህን አታዞርም?"

"ምን በወጣኝ! ነፍሷን ይማርና፣ በየሳምንቱ ፊት ለፊቷ ነው የምጠብሰው።"

ጌታቸው ቤከኑን ጠብሶ ድስቱ ውስጥ ጨመረው። ድስቱ ውስጥ ክላሞቹ ዛጎላቸውን አንድ በአንድ ከፈቱ፤ የሆነ ነገር ሊሉን የፈለጉ ይመስሉ ነበር። እኔ ምን ቸገረኝ? የሠለጠንኩ ሰው አይደለሁ? ሳሎን ተቀምጬ፣ በጓደኛዬ እየሳቅኩ ሦስት ሳህን ላፍ አደረግኩ።

ቀና ስል ፎቶው ወደ እኛ ዞሯል። ሁለታችንም ከወንበራችን አልተነሳንም። እናቱ ደግሞ የሚያዩት ልጃቸውን አልነበረም፤ እኔን ነው።

"በደንብ አላዞርካቸውም" አልኩና ቁልፌን አንስቼ ወጣሁ።

ስማይርና ያለው ቤቴ እስክደርስ የመኪናዬን ሬዲዮ አላጠፋሁም። የምኖረው ብቻዬን ነው፤ ቁልፉም ያለው እኔ ጋ ብቻ ነው። በሩን ከፍቼ እንደገባሁ ዓይኔ ግድግዳው ላይ ወደተሰቀለው የእናቴ ፎቶ ሄደ።

ጀርባዋን ሰጥታኛለች።