ሦስት ጊዜ የሚለመኑት አቶ አልጎት

በየመንደሩ አንድ አይጠፉም፤ ርቧቸው ጠግቤያለሁ፣ በርዷቸው ሞቆኛል፣ እየሰመጡ ደህና ነኝ የሚሉ ሰው። እግዜር ይሉኝታን ለዓለም ሲያከፋፍል አያቶቻችን በተነሱባት በስዊድኗ ስሞላንድ ላይ ጆንያው የተቀደደበት ይመስለኛል። እነሱም የፈሰሰውን አፍሰው በሣንዱቅ እስከ አሜሪካዋ ሚኒሶታ ይዘውት መጡ። እዚህ በሐይቃችን ዳር የዚህ ውርስ ዋና ባለአደራ ክቡር አቶ አልጎት ኤክቫል ናቸው።

ሕጉን ሁላችንም እናውቀዋለን። የመጀመሪያው ግብዣ ሰላምታ ነው፤ እምቢ ይባላል። ሁለተኛውም እምቢ ይባላል። ሦስተኛው ላይ «እንግዲህ ካላስቸገርኩ» ተብሎ እስኪጠግቡ ይበላል። አያቶቻችን የመጡ ጊዜ መሬት አከፋፋዩ ከሐይቁ ወዲያ ያለውን ጥቁር አፈር ውሰዱ ቢላቸው «ኧረ አይቸገሩ» አሉት ይባላል። ሁለተኛም ቢላቸው እንደዚያው። ሦስተኛውን ሲጠባበቁ ኖርዌዮቹ ደረሱና በመጀመሪያው እሺ ብለው ወሰዱት። ለኛ ድንጋያማው ተረፈን። ከስሞላንድ ያሰደደንም ድንጋይ ነበር።

አቶ አልጎት ግን ከሁላችንም ይብሳሉ። ስብከታችን ከስዊድንኛ ወደ እንግሊዝኛ በዞረ ሰሞን ከካሊፎርኒያ አዲስ ፓስተር መጣልን። ቤቱ ጠርቷቸው «ኬክ ይቅመሱ?» አላቸው። «ኧረ ምንም አልፈልግ፣ አሁን በልቼ መምጣቴ ነው» አሉት፣ ከማለዳ ጀምሮ ሆዳቸውን ለዚያ ኬክ ባዶ አድርገው የመጡት ሰውዬ። ፓስተሩም «እንዳሉ ይሁን» ብሎ ሳህኑን አነሳው። አቶ አልጎት ሳህኑን እስከ ጓዳ በዓይናቸው ሸኙት። እስከ ዛሬ ስለ ፓስተሩ ሲጠየቁ «ስብከቱ ደህና ነው፤ ሰው ግን አያውቅም» ይላሉ።

አምና ደግሞ በብርድ የረጋው ሐይቅ ላይ ዓሣ ሊያጠምዱ ወጥተው በረዶው ከእግራቸው ሥር ተሰብሮ ከዳቸው። እስከ አንገታቸው ውሃ ውስጥ ሳሉ ሁለት ኖርዌዮች ገመድ ይዘው ደረሱ።

«እናውጣዎት?»

«ኧረ ደህና ነኝ፣ እናንተ ወደ ሥራችሁ ሂዱ።»

ኖርዌዮቹ ጎረቤቶቻችን ናቸውና ጠባያችንን ያውቁታል። ከሁለቱ ሽማግሌው «እናውጣዎት! እናውጣዎት! ይኸው ሦስት ሞላ፤ አሁን ገመዱን ይያዙ፣ አንቱ ደረቅ ስዊድን!» ብሎ ጮኸባቸው። አቶ አልጎትም ጥርሳቸው እየተንገጫገጨ «እንግዲህ ካላስቸገርኩ» ብለው ያዙ።

ይህን ሁሉ በዚህችው የከተማችን ጋዜጣ ላይ እየጻፍኩ ሃያ ዓመት ሙሉ ሰው አስቄባቸዋለሁ። ዘንድሮ በመጋቢት የሆነው ግን አላሳቀኝም።

ወይዘሮ ሁልዳ ማልምግሬን ጎረቤታቸው ናቸው። ባላቸው ከሞቱ ጀምሮ አቶ አልጎት በአሮጌ መኪናቸው እሁድ እሁድ ቤተ ክርስቲያን ያደርሷቸዋል። አስራ አንድ ዓመት በዚያች መኪና ውስጥ ስለ ዝናብና ስለ ድንች ብቻ አወሩ። ዘንድሮ የሴትየዋ ልጅ ሲያትል መጥተሽ እኔ ጋ ኑሪ አለቻቸው። ወይዘሮ ሁልዳም አቶ አልጎትን ቡና ጠርተው፣ ፊታቸው እንደ ቲማቲም ቀልቶ ተናገሩ።

«አቶ አልጎት፣ ሁለት ቤት ከምናሞቅ ፓስተሩ ፊት ቆመን አንዱን ብናሞቅስ?»

«ኧረ እኔን ብለው አይቸገሩ።»

«ምን ችግር አለው፣ ቤቱ ሰፊ ነው።»

«አይ፣ አይ፣ እኔ ደህና ነኝ።»

ይኸኔ ስልኩ ጮኸ። ልጃቸው ነበረች። ወይዘሮ ሁልዳ ከስልኩ ሲመለሱ ሦስተኛውን ለመጠየቅ እሳቸውንም ይሉኝታ ያዛቸው። ቡናው ተጠጣ፣ ስለ ዝናብ ተወራ፣ በማግስቱ የሲያትል ትኬት ተቆረጠ።

ይህን የነገሩኝ ራሳቸው አቶ አልጎት ናቸው፤ ቤታቸው ልጠይቃቸው ሄጄ።

«ታዲያ ሄደው እሺ አይሏቸውም?» ብዬ ጮህኩባቸው።

«ምን ተጠይቄ?»

«ሁለቴ ጠይቀዎታል እኮ!»

«ሁለቴማ ለኬክም ይጠየቃል» አሉኝ። ከአልጋቸው ሥር ሻንጣቸው ተሸክፎ አየሁት። አስር ቀን ሙሉ ሦስተኛውን ሲጠብቁ ኖረዋል። ያን ቀን ልቤ ተሰበረ።

ሐሙስ ቀትር ላይ አውቶቡስ ማቆሚያው ጋ ወይዘሮ ሁልዳን ልንሸኝ ግማሹ ምዕመን ተሰብስቧል። ማልቀስ ሰው ማስቸገር ነውና ማንም አያለቅስም። ሴትየዋ አንድ እግራቸውን ደረጃው ላይ እንዳደረጉ አቶ አልጎት የእሁድ ልብሳቸውን ለብሰው፣ ባርኔጣቸውን በእጃቸው ይዘው ከተፍ አሉ። ጨው እንኳ ከሰው ለምነው የማያውቁት ሰው ቀርበው «ወይዘሮ ሁልዳ፣ ባይሄዱስ?» አሉ።

«ኧረ ለእኔ ብለው አይቸገሩ።»

ሹፌሩ አየርላንዳዊ ነው፤ እኛን አያውቅም። «እሜቴ፣ በቃ መልስ ሰጥተዋል፣ ይግቡና እንሂድ» አለ።

«ዝም በል፣ ገና አንድ ነው!» ብላ የመዘምራኑ አለቃ ጮኸችበት።

«የምሬን ነው፣ ይቅሩ» አሉ አቶ አልጎት።

«አይ፣ ልጄ ትጠብቀኛለች።»

ሹፌሩ ሞተሩን አስነሳ። አቶ አልጎት ባርኔጣቸውን ጨምድደው ቆሙ። ምን እንደያዛቸው ገባኝ። ሁለቱ እምቢታ ወግ ነው። ሦስተኛው ግን የእውነት ነው፣ ከዚያ ወዲያ መጠየቂያ የለም። በዚያ በረዶ ውሃ ውስጥ እንኳ እንዲህ የፈሩ አይመስለኝም፤ እኔም ፈራሁላቸው።

«ሁልዳ» አሉ በመጨረሻ። በአስራ አንድ ዓመት ውስጥ ያለ «ወይዘሮ» ሲጠሯቸው የመጀመሪያ ጊዜ ነው። «አትሂጂብኝ።»

ሴትየዋ እግራቸውን ከደረጃው አወረዱ።

«እንግዲህ» አሉ፣ «ካላስቸገርኩህ።»

ሹፌሩ ግራ እንደተጋባ የሴትየዋን ሣንዱቅ አወረደልኝ። «ከባድ ነው፣ መንገዴ ስለሆነ በራቸው ላይ ላድርሰው?» አለኝ። «ኧረ አትቸገር» አልኩት። አመነኝና ሄደ።

ሁለቱ ከፊት ክንድ ለክንድ ተያይዘው ሲሄዱ እኔ ያን ሣንዱቅ ግማሽ ማይል ጎተትኩት። እንባዬ ይወርዳል፣ እጄ ደግሞ ተይዟልና የሚጠርገው የለም። ያሾፍኩባቸውን ሰው ምን ያህል እንደምወዳቸው የገባኝ እዚያ ጭቃ ላይ ነው። አቶ አልጎት አንዴ ዞረው «ላግዝህ?» አሉኝ።

«አይ፣ ደህና ነኝ» አልኳቸው። የምሬን ነበር።