የክቡር ነገ ፊርማ

ቤቱን ሸጦ፣ ገንዘቡን ቆጥሮ፣ ስሙን ግን እንደ ጃንጥላ እዚያው ረስቶ የሚሄድ ሰው በየሰፈሩ አይጠፋም። የሰፈራችንን ልብስ ሰፊ የገጠሟት ሰውዬ ግን የእነዚህ ሁሉ አለቃ ናቸው። ሰፈሩ «ክቡር ነገ» ይላቸዋል። ጡረታ የወጡ ሰዓት ሠሪ ናቸው፤ ዕድሜያቸውን ሙሉ የሰው ሰዓት ሲያስተካክሉ ኖረው ለራሳቸው ቀጠሮ ግን ደርሰው አያውቁም።

ቤቱን የሸጡላት ከባለቤታቸው ጋር ነው። ውሉን ተፈራርመው ሲወጡ ክቡርነታቸው «የስም ዝውውሩን ነገ በጠዋት እንጨርሰዋለን፣ ልጄ» አሉ። ያ ነገ ሳይመጣ ባለቤታቸው አረፉ። የይዞታ ካርታው ዛሬም በባልና ሚስቱ ስም ነው፤ የልብስ ሰፊዋ ነገር ላም አለኝ በሰማይ ሆኖ ቀረ።

ከዚያ ወዲህ ያልሰማችው ሰበብ የለም። መታወቂያቸው «ሌላው ኮቴ ውስጥ» ቀርቷል ይላሉ፤ ሌላ ኮት እንደሌላቸው ደግሞ የዚያችኑ የአንዷን ኮት ገበር የለወጠችላቸው እሷ ታውቃለች። እጃቸውን ቁርጥማት ይዞት መፈረም አልችልም ባሉበት ቀን፣ ከሰዓት በኋላ በዚያው እጅ የጓሮዋን ቧንቧ ሲጠግኑ አገኘቻቸው። ቤቱን ሸጡት እንጂ አልተዉትማ! ሳያንኳኩ ገብተው «በሩን ቀስ አድርገሽ ዝጊው፣ ባለቤቴ ጩኸት አትወድም» ይሏታል።

«ክሰሻቸው!» ይላታል ወንድሟ። አልተሳሳተም። የስፌት ክፍሏ ግድግዳ ወደ መንገዱ አዘንብሏል፤ ካርታው በስሟ ካልሆነ ደግሞ የማደሻ ፈቃድ አይሰጣትም። ክረምቱ ሊገባ ነው። ግድግዳው ከወደቀ የስፌት መኪናዋንም መተዳደሪያዋንም ይዞ ነው የሚወድቀው።

አንድ ቀን እንደምንም ጎትታ መሬት አስተዳደር ቢሮ አደረሰቻቸው። መስኮቱ ጋ ያለችው ሠራተኛ ካርታውን አገላብጣ «ባለቤትዎስ?» አለች።

«ዛሬ አልተመቻትም። ነገ በጠዋት ይዣት እመጣለሁ።»

ልብስ ሰፊዋ ክው አለች። ቀብሩ ላይ አብራ ያለቀሰች ሴት ናት። ደሟ ፈልቶ ደረጃው ላይ ያዘቻቸው።

«ምን ነካዎት፣ ጋሼ? የሞት ማስረጃ አውጥተው ቢሰጧቸው እኮ ያልቃል!»

«እሱን ለማውጣት፣ ሞታለች ብዬ በአፌ መናገር አለብኝ» አሉ፣ ባርኔጣቸውን እያሻሹ። «አፌ እምቢ አለኝ፣ ልጄ። እዚያ ወረቀት ላይ እኮ አሁንም ጎን ለጎን ነን።»

ቤታቸው ድረስ ሸኘቻቸው፤ ግድግዳው ግን ሐዘን አይገባውም፣ ማዘንበሉን ቀጠለ።

ዛሬ ጠዋት ክቡር ነገ ማንም ሳይጠራቸው መጡ። ጢማቸውን ተላጭተዋል፣ ጫማቸውን አስጠርገዋል። «አወጣሁት» አሉና የደረት ኪሳቸውን ነካ አደረጉ። የማስረጃው ጫፍ ከነማኅተሙ ብቅ ብሎ ይታያል። ተያይዘው ወደ መሬት አስተዳደር ቢሮ ሄዱ።

«ባለቤትዎስ?» አለች ሠራተኛዋ እንደ ልማዷ።

እጃቸው ወደ ኪሳቸው ገባ። ገብቶም ቀረ። ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ ግን የለውም።

«አባት፣ ሰው እየጠበቀ ነው እኮ!»

ልብስ ሰፊዋ ያንን እጅ አየችው። «ኪሳቸው ውስጥ አለ» ብትል ነገሩ ያልቃል፤ ቤቱ የእሷ ነው። ግድግዳው ትዝ አላት፣ ወንድሟ ትዝ አላት፣ በመስኮቱ በኩል የጠቆረው ሰማይም ይታያታል። ጠጋ ብላ ክንዳቸውን ያዘች።

«እትዬ ዛሬ አልተመቻቸውም» አለች ለሠራተኛዋ። «ነገ በጠዋት እንመጣለን።»

ደረጃውን ቀስ ብለው ወረዱ። በሩ ጋ ሲደርሱ የመጀመሪያው የዝናብ ጠብታ ጠብ አለ። ክቡር ነገ ቆም ብለው፣ እጃቸውን ከኪሳቸው ሳያወጡ፣ እንባቸውን በትከሻቸው ጠረጉ።

«በጠዋት ነው ታዲያ» አሏት። «እንዳታረፍጂ።»