የሂሳኖ እጅ ጣዕም

(ሄይሃቺና የእህቱ ባል ሞሪዮ፣ ሁለቱም ጡረተኞች፣ በሞሪዮ ማዕድ ቤት። የሞሪዮ ሚስት ሂሳኖ ታማ ከርማ ዛሬ ከሆስፒታል ትወጣለች። ኢናሪ ሊሠሩላት ነው፤ ሩዝ የሚሞላበት፣ ከተጠበሰ ቶፉ (ከአኩሪ አተር አይብ) የሚሠራ ከረጢት። ምድጃው ላይ የሶይ ሶስ መረቅ ይንተከተካል።)

ሄይሃቺ፦ ሦስት ማዕዘን አይደለም አልኩህ። እንደ ሩዝ ጆንያ ረዘም ይላል።

ሞሪዮ፦ ኦሳካ እኮ በሦስት ማዕዘን ነው።

ሄይሃቺ፦ እንግዲያው ኦሳካ ሄደህ ብላ። የእህቴ እንደ ጆንያ ነው። ዓይኔን ጨፍኜ እንኳ የእሷን እለየዋለሁ።

ሞሪዮ፦ እስቲ ዓይንህን ክፈትና ይሄን እየው። ተቀደደ።

ሄይሃቺ፦ በጣትህ ስትፈለቅቀው ነዋ። መጀመሪያ ቾፕስቲክ አንከባልል፣ በራሱ ይከፈታል።

ሞሪዮ፦ (ቾፕስቲኩን፣ የመብያውን ቀጭን እንጨት፣ ጠረጴዛው ላይ እያንከባለለ) ይኸው። አልተከፈተም።

ሄይሃቺ፦ ቶፉው ላይ ነው እንጂ፣ ሰውዬ። ጠረጴዛው ምን እንዲከፈትልህ ነው? ዘይቱንስ አጠብክ?

ሞሪዮ፦ አጥቤዋለሁ። ጠርሙሱ አዲስ መስሏል።

ሄይሃቺ፦ ጠርሙሱን ማን አለህ? ቶፉው ላይ የፈላ ውሃ አፍስስ፣ ዘይቱ ይልቀቅ ነው ያልኩህ።

ሞሪዮ፦ ዕድሜ ልኬን አውቶቡስ ነው የነዳሁት። በግልጽ ካልነገሩኝ አልታጠፍም።

ሄይሃቺ፦ እሺ፣ በግልጽ። አሁን ግማሹን ገልብጥ።

ሞሪዮ፦ (ድስቱን አንስቶ ማጠቢያው ውስጥ ያንቆረቁራል) ግማሹን ገለበጥኩ። ግማሹ አለ።

ሄይሃቺ፦ (ማጠቢያውን ቆሞ እያየ) መረቁን ደፋኸው።

ሞሪዮ፦ ገልብጥ አላልክም?

ሄይሃቺ፦ ከረጢቶቹን። እንደ ካልሲ፣ ውስጡን ወደ ውጭ። እህቴ እንዴት አድርጋ ነው የቻለችህ?

ሞሪዮ፦ እኔም ብቻዬን ስከርም ይሄንኑ ሳስብ ነበር።

(በተረፈው መረቅ ጥቂት ከረጢት ይቀቅላሉ፤ ሩዝ ይሞላሉ። ሄይሃቺ አንዱን ይቀምሳል።)

ሄይሃቺ፦ አልሆነም። የእሷ ጣዕም የለውም። ምን ነበር የምትጨምርበት?

ሞሪዮ፦ ምንም አትጨምርም።

ሄይሃቺ፦ አንተ ምን ታውቃለህ። ቁርጥ የእናታችን እጅ እኮ ነው። አምና በመታሰቢያዋ ቀን ስበላው እንባዬ አልመጣም?

ሞሪዮ፦ መጥቷል። እኔም አብሬህ አለቀስኩ።

ሄይሃቺ፦ አየህ፣ አንተንም ነክቶሃል።

ሞሪዮ፦ አሳዝነኸኝ ነው። ባቡር ጣቢያው ፊት ካለው ሱቅ ነበር የገዛሁት።

ሄይሃቺ፦ የአምናውን?

ሞሪዮ፦ ሁሉንም። ሂሳኖ ኢናሪ አትችልም። በተጋባን ሰሞን ሞክራ ድስት አቃጠለች። ከዚያ ወዲህ አንተ ስትመጣ እኔ በጓሮ በር ይዤ እገባለሁ።

ሄይሃቺ፦ ታዲያ አንድ ቀን እንኳ አትነግረኝም?

ሞሪዮ፦ «ወንድሜ ሲበላ ደስ ይለዋል፣ ተወው» አለችኝ።

ሄይሃቺ፦ (ወንበር ስቦ ይቀመጣል) እኔ እኮ ያንን ባለሱቅ «የእህቴን ቀምሰህ ተማር» ብዬዋለሁ።

ሞሪዮ፦ ነግሮኛል።

ሄይሃቺ፦ ምን አለ?

ሞሪዮ፦ አመስግንልኝ አለ።

ሄይሃቺ፦ ምን ዓይነት ጅል ነኝ። ቆይ፣ ዛሬስ ለምን ከእሱ አልገዛህም? ጧቱን ሙሉ ከምታለፋኝ።

ሞሪዮ፦ አርጅቶ ሱቁን ዘጋ። እሷ ደግሞ በስልክ «ኢናሪ አማረኝ» አለች። እኔ አልችልም፤ አንተ ትችላለህ ብዬ ጠራሁህ።

ሄይሃቺ፦ እኔ? እናቴ ስትሠራ አይቼ በላሁ እንጂ ሠርቼ አላውቅም።

ሞሪዮ፦ ይሄን ሁሉ ስታዘኝ የዋልከውስ?

ሄይሃቺ፦ ትእዛዝ ማንም ይችላል።

(ውጭ ታክሲ ይቆማል። የበር ድምፅ ይሰማል።)

ሄይሃቺ፦ መጣች። ሳህኑን አቅርብ፣ ምን ይደረጋል።

ሞሪዮ፦ መጀመሪያ እኛ እንብላ።

ሄይሃቺ፦ እሷ ሳትቀምስ?

ሞሪዮ፦ አንድ ነገር ከሆንን፣ የሆስፒታሉን መንገድ እሷ ታውቀዋለች።