ፊቴ ቅርጫ የገባ ዕለት

ከሁሉ በፊት ይቅርታ እጠይቃለሁ። የእጅ ጽሑፌ ዶሮ የጫረችው ይመስላል፤ ፊደሉም ያው ነው። ሀሌታውን «ሀ» ከሐመሩ «ሐ»፣ ንጉሡን «ሠ» ከእሳቱ «ሰ» የምለየው በዕድል ነው። ስምንተኛ ክፍል ጨርሻለሁ። ጨርሻለሁ ስል ክፍሉ አለቀ ማለቴ ነው እንጂ ትምህርቱን እኔ ጨረስኩት ማለት አይደለም። ስታነቡ የተሳሳተ ፊደል ካገኛችሁ በልባችሁ አርሙልኝና እለፉ። ጮክ ብላችሁ አትንገሩኝ፤ አፍራለሁ።

ፊት የሚባለው ነገር ሁልጊዜ ይገርመኛል። ሰው ፊት ይሰጣል፣ ፊት ይነሳል፣ ፊቱን ያዞራል፣ ፊቱን ያጠቁራል። ይህን ሁሉ የሚያደርገው ግን አንድ ቀን እንኳ በዓይኑ አይቶት በማያውቀው ነገር ነው። እስቲ አስቡት፣ የገዛ ፊታችሁን አይታችሁት ታውቃላችሁ? በመስታወት ያያችሁት ግራና ቀኙ የተገለበጠ ነው። በፎቶ ያያችሁት እንደ ወረቀት የተደፈጠጠ ነው። ጎረቤቱ፣ ባለሱቁ፣ የባጃጅ ሾፌሩ ሁሉ በነፃ የሚያየውን ባለቤቱ ብቻ አያየውም። እኔ ግን አይቼዋለሁ። ከፊት፣ ከጎን፣ ከኋላ፣ ከአናት፣ ሌላው ቀርቶ ከአገጬ ሥር ሽቅብ አይቼዋለሁ። ለዚህ የበቃሁት ታድዬ እንዳይመስላችሁ።

እኔና እማዬ የምንኖረው ኮምቦልቻ ነው። እማዬ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ክር ክፍል ትሠራለች፤ ስለዚህ ቀኑን ሙሉ ማሽን ስለሚጮህባት ቤት ስትመጣም ጮክ ብላ ነው የምታወራው። እኔ ደግሞ ስናገር አይሰማም። ሁለታችን ስናወራ ከመንገድ የሚሰማን ሰው እማዬ ብቻዋን የምታወራ ይመስለዋል።

አምና ግራ ጉንጬ ከመንጋጋዬ ማጠፊያ ላይ ማበጥ ጀመረ። አያመኝም፤ ያብጣል ብቻ። ጎረቤቶቻችን በየተራ ሐኪም ሆኑ። አንዷ «ምች ነው» ብላ ዳማከሴ አሸችብኝ። አንዷ «ጥርሷ ነው፣ ይነቀል» አለች። አንድ ሽማግሌ ዱዓ አደረጉልኝ፤ እኔ አሚን አልኩ፣ እብጠቱ ግን አሚን አላለም። ስለዚህ ሻሼን ወደ ግራ ሳብ አድርጌ ማሰር ለመድኩ። ሚኒባስ ውስጥ ከሾፌሩ ኋላ መስኮቱን ይዤ እቀመጣለሁ። ያበጠው ጉንጬ ለመስታወቱ፣ ደህናው ለሰው። ዘጠነኛ ክፍል አልተመዘገብኩም። ሰው ሲጠይቅ እማዬ «ጉንጯ እስኪሻላት ነው፤ እንዲህ ሆና እንዴት ሰው ፊት ትቁም» ትላለች። ሰውም «እውነት ነው፣ እውነት ነው» ይላል።

በመጨረሻ አንድ የጥርስ ክሊኒክ መንጋጋዬን የራጅ ፎቶ አነሳኝና ወደ ደሴ ሆስፒታል ላከኝ። የሐረጎን ዳገት ሽቅብ ስንወጣ ሚኒባሱ በተጠማዘዘ ቁጥር ጉንጬ ከመስታወቱ ጋር ይጋጫል። ከኮምቦልቻ በስስ ልብስ የተነሳ ሰው ደሴ ሲወርድ ጥርሱ ይንቀጫቀጫል፤ እኔን ያንቀጫቀጨኝ ግን ብርዱ ብቻ አልነበረም።

ዶክተሩ ገና ወጣት ነው፤ የመንጋጋ ሐኪም ነው። ጉንጬን በመርፌ ወግቶ ናሙና ወሰደ። ውጤቱ ሲመጣ ለእማዬ እንዲህ አላት።

«እናቴ፣ መጥፎው ዓይነት አይደለም። አይሠራጭም። ግን አጥንት ይበላል።»

እማዬ የሰማችው የመጨረሻዋን ቃል ብቻ ነው።

«ይበላል? ምኗን ነው የሚበላው?»

«መንጋጋዋን።»

«ምን ያህሉን በላ ታዲያ?»

«እሱን ነው ያላወቅነው» አለ፤ ፎቶውን ወደ መብራቱ አነሳ። «ይህ ጠፍጣፋ ነው። የፊቱና የኋላው አጥንት አንድ ላይ ተደራርቦብኛል። እስከ ጆሮዋ ሥር፣ እስከ መገጣጠሚያው በልቶ ከሆነ መንጋጋዋን እስከ ግማሽ ድረስ ማውጣት ግድ ነው፤ እሱ ደግሞ እዚህ አይሠራም፣ አዲስ አበባ እንልካታለን። እዚያ ካልደረሰ እብጠቱን ጠርገን መንጋጋዋን እናተርፈዋለን። ሲቲ ስካን ትነሳና ስሪዲ እንሠራላታለን፤ ያኔ ይታያል።»

እማዬ ከክፍሉ ስንወጣ ቆም አለች። «ስሪዲ ቤት ለሚሠራ ሰው አይደለም እንዴ?» አለችኝ። አልፈርድባትም። ኮምቦልቻ ውስጥ አዲስ ቤት የሚሠራ ሰው ሁሉ መሠረቱ ሳይወጣ ባለቀለም የቤት ሥዕል በስልኩ ይዞ ይዞራል፤ «ስሪዲው ነው» ይላል። ስሪዲው ላይ ሁልጊዜ የአትክልት ቦታና ነጭ መኪና አለ። ቤቱ ሲያልቅ ሁለቱም የሉም።

የሲቲ ስካኑ ቀን የማሽኑ ሠራተኛ ደስ የሚል፣ አፉ የማያርፍ ልጅ ነበር። እማዬ ጥያቄ ስታበዛበት ሊያረጋጋት ብሎ ጉድ አፈላ።

«ማዘር፣ ምንም አይስጉ። ማሽኑ ፊቷን ስስ ስስ አድርጎ ይቆራርጠዋል። ከዚያ ኮምፒውተሩ ቁራጮቹን ሰብስቦ መልሶ ይገጣጥማቸዋል።»

እማዬ እጄን ለቀም አድርጋ ወደ በሩ ጎተተችኝ። «ወላሂ አይደረግም! ልጄን ያመጣኋት ለምርመራ ነው ለቅርጫ?»

ኮሪደሩ ላይ የተቀመጠው በሽተኛ ሁሉ ዞረ። ቅርጫ ስትል አስቡት፤ በሬው ታርዶ፣ ቅጠል ላይ ተመድቦ፣ ጎረቤት ሁሉ የየድርሻውን በፌስታል ቋጥሮ ሲሄድ። የኔ ጉንጭ ለማን እንደሚደርስ ማሰብ ጀመርኩ። ትልቁ መደብ እሱ ነበራ።

ልጁ በሳቅ ሊፈነዳ ደርሶ ዋጥ አደረገው። «ማዘር፣ በጨረር ነው፤ ቢላ የለም። ተቆርጦ በላስቲክ የሚሸጠውን ዳቦ ያውቁታል አይደል? ላስቲኩን ሳይፈቱት ሙሉ ዳቦ ነው። ፈተው አንድ አንዱን ሲያወጡ ውስጡ ይታያል። መልሰው ሲደረድሩት ደግሞ ዳቦ ነው።»

«ልጄ ዳቦ አይደለችም!»

«ዳቦዋ ፎቶው ነው ማዘር። እሷን ማንም አይነካት።»

እማዬ አየችው፣ አየችኝ፣ ማሽኑን አየችው። ትልቅ ነጭ ቀለበት ነው፤ መሐሉ ላይ ሰው የሚጋደምበት አልጋ አለው። «ቢስሚላህ በይ» አለችኝ። እኔን ያስጨነቀኝ ደግሞ ሌላ ነገር ነበር። ሻሼን አውልቂ የሚለኝ መስሎኝ በሁለት እጄ ያዝኩት። እሱ ግን «መርፌ ቁልፉን ብቻ አውጪ፤ ብረት ነው። ሻሹ ይቆይ፣ ችግር የለውም» አለኝ። እንዴት እንደወደድኩት! ከዚያ «አትናገሪ፣ አትንቀሳቀሺ» አለኝ። በዕድሜዬ እንደዚያ የተካንኩበት ሥራ ገጥሞኝ አያውቅም።

ስንወጣ ትልልቅ ጥቁር ፊልሞች ሰጡን። በእያንዳንዱ ላይ ትናንሽ ግራጫ ሥዕሎች እንደ ቴምብር ተደርድረዋል። እማዬ መስኮት ላይ ለጥፋ አንድ በአንድ አየቻቸው። አግድም የተቆረጠ ሽንኩርት ነው የሚመስሉት። «ከነዚህ ውስጥ የትኛዋ ናት ልጄ?» አለች፤ ድምጿ እንደ እኔ ቀጥኖ ነበር። ሁሉም እኔ ነበርኩ፣ አንዱም እኔን አይመስልም። ዶክተሩ ስሪዲውን ኮምፒውተር ላይ ሠርቶ እስኪያሳየን ቀጠሮ ሰጡንና ወደ ኮምቦልቻ ወረድን።

ጭንቅ ማለት ያ ቀጠሮ እስኪደርስ ያለው ጊዜ ነው። ጣቴ ከጆሮዬ ሥር አልነሳ አለ። እጫነዋለሁ፤ ጠንካራ ሲሆን «አለ፣ አልተበላም» እላለሁ። ትንሽ ቆይቼ ደግሞ እጫነዋለሁ። ደህናው ጎን ላይም እጫንና አወዳድራለሁ። ብዙ ከመጫኔ የተነሳ ሁለቱም ጎን አመመኝ፤ ይኸው በላኝ ብዬ ደነገጥኩ። ስበላ መንጋጋዬ ቀጭ ይል እንደሆነ አዳምጣለሁ። እማዬ ደግሞ እኔ የማላያት እየመሰላት ታየኛለች። ለሚጠይቃት ሁሉ «ምንም አይደለም» ትላለች፤ ሰውየው ሲሄድ «ያ ረቢ፣ እዚያ አይድረስ» ትላለች። «እዚያ» ጆሮዬ ሥር ነው። ያቺን ታህል ቦታ እንደዚያ ተለምኖላት አያውቅም።

የቀጠሮው ቀን ዶክተሩ ብቻውን አልነበረም። የሕክምና ተማሪዎች አብረውት ነበሩ፤ ወንዶች ይበዛሉ። እኔ ግራ ጎኔን ለግድግዳው ሰጥቼ ቆምኩ። ዶክተሩ አንድ ነገር ተጫነ። ትናንሾቹ ሥዕሎች መጫወቻ ካርታ እንደሚበወዝ እየተሯሯጡ አንዱ በአንዱ ላይ ተነባበሩ፤ ተነባብረው፣ ተነባብረው ጭንቅላት ሆኑ።

የእኔ ጭንቅላት።

ሻሽ የለውም። ጸጉርም የለውም። ያ ማሽን ለካ ጨርቅና ጸጉር አይቆጥርም! ያን ያህል የተሳሳሁለትን ሻሽ እንደሌለ አልፎት ገብቷል። ዓይኔን ጨፍኜ፣ መላጣዬን፣ እኔ ስክሪኑ ላይ ተሰቅያለሁ፤ ዶክተሩ ማውሱን ገፋ ሲያደርግ ቀስ ብዬ ዞርኩ። ወደ ግራ ዞርኩ። ስንት ሚኒባስ መርጬ፣ ስንት መስኮት ተደግፌ የደበቅኩት ጉንጭ እንደ ቡጢ ተቀስሮ መሐል ቤት ቆመ። ተማሪዎቹ አንገታቸውን አሰገጉ። መሬት ብትከፈት እገባ ነበር፤ ግን የስክሪኗ እኔ የት ትገባለች?

«ሸፍኑልኝ!»

እማዬ ናት። ማንም ሳይደርስባት ትከሻዋ ላይ የነበረውን ሻርፕ ገፍፋ ስክሪኑ ላይ ጣል አደረገችው። «በዚህ ሁሉ ወንድ ፊት ራሷን ገልጣችሁ! ልጃችሁ ብትሆን ታደርጉታላችሁ?»

አንዱ ተማሪ ሳቁን በሳል ሸፈነው። ዶክተሩ ግን አልሳቀም። «እውነትዎን ነው እናቴ፣ ይቅርታ። ቆዳውን አነሳዋለሁ።»

«ምኗን?!»

«ሥዕሉ ላይ ነው! አጥንቱ ብቻ ይቀራል።»

እማዬ ለአፍታ አሰበች። አጥንት ወንድ ቢያየው ሐራም ይሁን አይሁን በሆዷ ተከራከረች መሰለኝ። «አጥንቱስ ግድ የለም» ብላ ሻርፗን አነሳች።

ከሥሩ አጥንቴ ወጣ። ነጭ ነው። ግራ መንጋጋዬ ግን ምስጥ የገባበት ማገር ይመስላል፤ ተነፍቶ፣ ተቦርቡሮ፣ ማዶው በቀዳዳው ይታያል። ዶክተሩ ጭንቅላቱን ገለበጠው፤ ከሥር አየ። ዞር አደረገው፤ ከኋላ አየ። ጆሮዬ ሥር ሲደርስ አቆመና አጎላው። ወደ ስክሪኑ ጠጋ አለ። አንድ ነገር በእንግሊዝኛ አጉተመተመ። የእማዬ ጣቶች ክንዴ ውስጥ ገቡ። እኔ የሰውየውን ግንባር እያየሁ ይጨማደዳል ወይስ አይጨማደድም እላለሁ። ተጨማደደ። ከዚያ ተፈታ።

«አልደረሰም።»

«እዚያ?» አለች እማዬ።

«እዚያ። መገጣጠሚያው ደህና ነው፤ የታችኛው ጠርዝም ተርፏል። እዚሁ እንሠራዋለን። አብሽሪ እህቴ።»

«አልሐምዱሊላህ!» እማዬ ወንበር ሳትፈልግ መሬቱ ላይ ቁጭ አለች።

ዶክተሩ ደስ ብሎት ነው መሰለኝ፣ እዚያ ላይ አላቆመም። «ቆይ፣ ከቀዶ ጥገናው በኋላ ምን እንደምትመስይ ላሳይሽ» አለኝና እማዬን አስፈቅዶ ፊቴን ብቻ መለሰው። ደህናውን የቀኝ ጎኔን ቀድቶ፣ ገልብጦ በግራው ቦታ ገጠመው። ስክሪኑ ላይ አንዲት ልጅ ታየች። ጉንጮቿ እኩል ናቸው።

እማዬ ከመሬት ተነሳች። እንባዋ ይወርዳል፤ ስክሪኑን በጣቷ ነካች። «ይቺ ናት!» አለች ለተማሪዎቹ ሁሉ፣ በፋብሪካ ድምጿ። «ልጄ ይቺ ናት! ይህ ነገር ሳይዛት ተጫዋች ነበረች፣ ሳቂታ ነበረች፣ አፏ አያርፍም ነበር። ጉንጯ ነው ዝም ያሰኛት። ስትድን ታዩዋታላችሁ!» ተማሪዎቹ ፈገግ አሉልኝ። እኔ መሬት መሬቱን አየሁ። እነሱም በጉንጬ ያፈርኩ መሰላቸው።

እናንተ አታውቁኝም፤ ስለዚህ ለማንም ያልነገርኩትን ለእናንተ እነግራችኋለሁ። እማዬ የምትላት ልጅ ኖራ አታውቅም። ጉንጬ ሳያብጥም እንዲሁ ነበርኩ። አምና በትምህርት ቤታችን የወላጆች በዓል መድረክ ላይ ወጥቼ እንዳነብ ተመድቤ ነበር። ሐሳቡ ምግብ ዘግቶብኝ ሰነበተ። አንድ ጠዋት መስታወት ፊት ስቆም ግራ ጉንጬ ተነፍቶ አየሁት፤ በጣቴ ነካሁት፤ እና፣ አላህ ይቅር ይበለኝ፣ ደስ አለኝ። በኔ ቦታ ሌላ ልጅ አነበበች። ከዚያ ወዲህ ለምን ዝም አልሽ ያለኝ ሰው የለም፤ ጉንጬ መልስ ይሰጥልኛል። አሁን ቀዶ ጥገናው ከዒድ በኋላ ነው። ሁሉም «አብሽሪ፣ ቢላው አይታወቅሽም» ይሉኛል። የፈራሁት ግን ቢላውን አይደለም። እማዬ በር ላይ ቆማ ያቺን ሳቂታ ልጇን ስትጠብቅ፣ ጉንጮቼ እኩል ሆነው የምወጣው ያው እኔ መሆኔን ነው።